ሙዚቃው የት ጋ ይግባ?

ትዕይንቱ የአንድ ፊልም ነው፤ 1 ደቂቃ ከ52 ሰከንድ ይሆናል። አንዲት ሴት ስልክ ታነሣለች፣ «አቤት» ትላለች፣ ከዚያ 40 ሰከንድ ያህል አንድ ቃል ሳትተነፍስ ታዳምጣለች። ስልኩን ትዘጋለች። ጠረጴዛው ላይ ያለውን ብርጭቆ አንሥታ ታጥባለች፣ ታደርቃለች፣ ቦታው ትመልሳለች። ኮቷን ለብሳ ትወጣለች፤ በሩ ይዘጋል። ካሜራው ግን አይከተላትም፤ ባዶው ክፍል ውስጥ 11 ሰከንድ ይቆያል። ምን እንደተነገራት አንሰማም፤ ፊቷም ብዙ አያወራም።

ለዚህ ትዕይንት የጻፍኩት የመጀመሪያ ሙዚቃ በ6ኛው ሰከንድ ይጀምርና እስከ መጨረሻው ይዘልቅ ነበር፤ 1 ደቂቃ ከ46 ሰከንድ። ዝቅ ብሎ የሚሄድ ቼሎ (ወፍራም ድምፅ ያለው የቀስት መሣሪያ)፣ ከሥሩ ቀስ እያለ የሚያድግ የስትሪንግ (የባለክር መሣሪያዎች) ድምፅ፣ ወደ መጨረሻው ላይ ጠብ ጠብ የሚሉ የፒያኖ ኖታዎች። ለብቻው ሲደመጥ ደህና ሥራ ነው። ከምስሉ ጋር ሲሄድ ግን ትዕይንቱን ገደለው። ዜማው ሲቀየር አልዳነም። ቼሎው በክላርኔት ሲተካም አልዳነም። ድምፁ ሲቀነስ ጭራሽ ባሰበት፤ አንድ ሰው ከግድግዳው ጀርባ ተደብቆ የሚያዝን መሰለ።

በመጨረሻ የቀረው ሙዚቃ 11 ሰከንድ ብቻ ነው። ከዚያ ሁሉ የተረፉት የቼሎው የመጀመሪያ አራት ኖታዎች ናቸው፤ አንዳቸውም አልተለወጡም። የተለወጠው የሚገቡበት ቦታ ነው፤ በሩ ከተዘጋ በኋላ፣ ባዶው ክፍል ላይ። በጠባብ በጀት በግል ለሚሠሩ ፊልሞች ሙዚቃ ስለመጻፍ ሲታሰብ እስካሁን የሚከነክነኝ ይኸው ነው፤ ሰው ስለ ዜማና ስለ መሣሪያ ብዙ ያወራል፣ ስለ መግቢያው ግን ዝም ይላል።

በሩ ሲዘጋ

ሙዚቃው በ6ኛው ሰከንድ ሲገባ ምን እንዳበላሸ አንድ በአንድ መቁጠር ይቻላል። ሴትየዋ ገና «አቤት» ማለቷ ነው። ወሬው ክፉ ይሁን ደግ አላወቀችም፤ ተመልካቹም አላወቀም። ቼሎው ግን ያውቃል። ከዚያ በኋላ ያሉት 40 ሰከንዶች መጠበቅ መሆናቸው ይቀራል፤ መልሱ አስቀድሞ የተነገረን እንቆቅልሽ ይሆናሉ። ሙዚቃ በሌለበት ተመልካቹ ጆሮውን ይቀስራል፤ የወንበሩን ሲጥታ፣ ትንፋሿን፣ ከስልኩ ውስጥ የሚሾልከውን ቀጭን ድምፅ ያድናል። ሙዚቃው ሲኖር ማደኑን ይተዋል፤ የሚሰማውን ስሜት ሌላ ሰው ስለወሰነለት።

ብርጭቆው ደግሞ ከዚህ የባሰ ተጎዳ። ሙዚቃ ባለበት የምናየው «ያዘነች ሴት ብርጭቆ ስታጥብ» ነው። ሙዚቃ በሌለበት ግን ጥያቄ ይነሣል፦ አሁን ብርጭቆ የምታጥበው ለምንድን ነው? ትዕይንቱ ያ ጥያቄ ራሱ ነው፤ ቼሎው ደፈነው። አበው «ዝም አይነቅዝም» የሚሉት ለንግግር ብቻ አይደለም።

በሩ ከተዘጋ በኋላ ነገሩ ይገለበጣል። ተመልካቹ አንድ ደቂቃ ተኩል የሰበሰበውን ይዞ ባዶ ክፍል ፊት ቀርቷል፤ የሚያፈስበት ቦታ ይፈልጋል። እዚህ ላይ የሚገባ ሙዚቃ ምንም አይነግረውም፤ አስቀድሞ የያዘውን ብቻ ይቀበለዋል።

በትክክል በየትኛው ፍሬም (በተከታታይ ከሚያልፉት የፊልሙ ምስሎች አንዱ) ላይ ይግባ የሚለው ደግሞ ሌላ ሥራ ነው። ቼሎው በሩ ሲላተም እኩል ሲጀምር በሩ ቼሎውን የመታው ይመስል ነበር። ከ2 ሰከንድ በኋላ ሲጀምር ደግሞ አንድ ሰው ቁልፍ መጫኑን ረስቶ ድንገት ያስታወሰ መሰለ። የሠራው 14ኛው ፍሬም ነው፤ ከግማሽ ሰከንድ ትንሽ ያልፋል። የበሩ ድምፅ ክፍሉ ውስጥ ገና ሳይሞት ቼሎው ከሥሩ ይነሣል፤ ከምንም ተነሥቶ ልኩ ላይ ለመድረስ 2 ሰከንድ ይፈጅበታል። ጆሮ መጀመሪያውን ለይቶ አይይዘውም፤ የሚያስተውለው ሙዚቃው ከገባ በኋላ ነው።

ከዚህ ተነሥቶ ለማንኛውም ትዕይንት የሚጠቅም አንድ መጠይቅ አለ፦ በዚህ ሰከንድ ማን ምን ያውቃል? ገጸ ባሕሪው፣ ተመልካቹ፣ ሙዚቃው። ልብ ሰቃይ ፊልም ላይ ሙዚቃው ከገጸ ባሕሪው በላይ ቢያውቅ ያምርበታል፤ ስጋቱ የሚመጣው ከዚያ ነው። ሰው ብቻውን ከኀዘኑ ጋር በሚቀመጥበት ትዕይንት ላይ ግን ሙዚቃው ቢዘገይ ይሻላል። ደህና መግቢያ የሚሆኑት ቦታዎች ብዙውን ጊዜ ትንንሽ ናቸው፤ ዓይን ከአንድ ነገር ወደ ሌላ ሲዞር፣ ሰው አንድ ነገር ሲወስን፣ የመጨረሻው ቃል ወድቆ አፍ ሲዘጋ፣ የመኪና በር ወይም የባቡር ድምፅ ሲሸፍን። በዓረፍተ ነገር መሐል መግባት ግን ሁልጊዜ ማለት ይቻላል ያስታውቃል።

አብሮ ማየት

ይህ ሁሉ የሚወሰነው ከዳይሬክተሩ ጋር ቁጭ ተብሎ ፊልሙ ሲታይ ነው። አንድ ጊዜ ሳይቆም ከዳር እስከ ዳር፣ ሁለተኛ ጊዜ እያስቆሙ። ለእያንዳንዱ የሙዚቃ ቁራጭ አምስት ነገር ይጻፋል፦ መለያ ቁጥሩ፣ የሚጀምርበት ታይምኮድ (በፊልሙ ላይ ያለው የሰዓት ቁጥር)፣ የሚያበቃበት ታይምኮድ፣ በመጀመሪያው ፍሬም ላይ የሚታየው ነገር፣ እና ለምን እንዳስፈለገ በአንድ ዓረፍተ ነገር። የመጨረሻው ካልተጻፈ ቁራጩ አያስፈልግም ማለት ነው። በመለያው ላይ የቆየው ልማድ 2ኤም3 ዓይነት ነው፤ ሁለተኛው ክፍል፣ ሙዚቃ፣ ሦስተኛ ቁራጭ። «የስልኩ ትዕይንት» እያሉ መጥራት እስከ ሦስተኛው የስልክ ትዕይንት ድረስ ብቻ ይሠራል።

ለ90 ደቂቃ ፊልም 30 ደቂቃ ሙዚቃ ከበቂ በላይ ነው ብዬ አምናለሁ። በቀን 2 ደቂቃ ያለቀለት ሙዚቃ ብቻውን ለሚሠራ ሰው ጥሩ ፍጥነት ነው፤ ስለዚህ 15 ቀን ለመጻፍ፣ ቢያንስ 5 ቀን ለማስተካከል። ከዚህ ያነሰ ጊዜ ከተሰጠ የሚቀነሰው የሙዚቃው ርዝመት ይሁን፤ እንቅልፍ ከተቀነሰ ጆሮ ይደነዝዛል።

ዳይሬክተር ስለ መሣሪያ እንዲያወራ ማስገደድ ጥቅም የለውም። «እዚህ ጋ ቫዮሊን ይሁን» ካለ ምናልባት የሚፈልገው ቀጭንና ብቸኛ የሆነ ነገር ነው፤ ቫዮሊን የመጣለት የሚያውቀው ስም እሱ ስለሆነ ይሆናል። የተሻለው ጥያቄ «ተመልካቹ ይህን ትዕይንት ጨርሶ ሲወጣ ምን ይዞ ይውጣ?» የሚለው ነው። «ፍርሃት» ካለ ደግሞ የማን ፍርሃት እንደሆነ መጠየቅ ያስፈልጋል።

ከሁሉም ከባዱ ጉዳይ ኤዲተሩ በጊዜያዊነት የለጠፈው ሙዚቃ ነው። ኤዲቲንግ ሲሠራ ከሌላ ፊልም ወይም ከአልበም ተወስዶ ይለጠፋል፤ ለወራት አብሮ ሲታይ ከምስሉ ጋር የተወለደ ይመስላል። ዳይሬክተሩ ስታንሊ ኩብሪክ በ1968 ለወጣው የጠፈር ፊልሙ የፊልም ሙዚቃ ደራሲውን አሌክስ ኖርዝን ሙዚቃ አጽፎት ነበር፤ በመጨረሻ ግን በጊዜያዊነት ለጥፎት የነበረውን ክላሲካል ሙዚቃ አስቀረው። ኖርዝ የእሱ ሙዚቃ አለመኖሩን ያወቀው ፊልሙን ሲያይ ነው። የኖርዝን ያህል ልምድ ያለው ሰው ከተሸነፈ ችግሩ የችሎታ አይደለም፤ የመላመድ ነው።

የሚረዱ ሁለት ነገሮች አሉ። አንደኛ፣ ፊልሙ ለመጀመሪያ ጊዜ ሲታይ ያ ሙዚቃ ተዘግቶ ይታይ፤ ያ ዕድል አንድ ጊዜ ብቻ ነው የሚገኘው። ሁለተኛ፣ ዳይሬክተሩ ልቡ ከተነካ የነካው ምን እንደሆነ ይለይ። ብዙ ጊዜ ዜማው ሳይሆን ፍጥነቱ ነው፤ ኤዲተሩ ምስሉን የቆረጠው በዚያ ምት ላይ ስለሆነ። ፍጥነቱን ለክቶ እሱን ብቻ መውሰድ፣ ቅኝቱን፣ መሣሪያውንና የዜማውን አካሄድ ሙሉ በሙሉ መለወጥ ይቻላል። አስመስሎ መጻፍ ግን ሁለት ጉዳት አለው፤ ከዋናው ያነሰ ይሆናል፣ በመብት ጉዳይም ያስጠይቃል።

ሒሳቡ

መግቢያው ከተወሰነ በኋላ የሚመጣው ፍጥነት ነው፤ እዚህ ላይ የሚሠራው ቀላል ማካፈል ነው። ፊልሙ በሰከንድ 24 ፍሬም ከሆነ፣ አንድ ምት የሚወስደው ፍሬም 1440 ለፍጥነቱ ሲካፈል የሚገኘው ነው። በደቂቃ 60 ምት ከሆነ 24 ፍሬም፣ 72 ከሆነ 20፣ 80 ከሆነ 18፣ 90 ከሆነ 16፣ 120 ከሆነ 12። በእነዚህ ፍጥነቶች ምቱ ሙሉ ፍሬም ላይ ያርፋል፤ ሲሠራ ዓይንም ያርፋል።

አንድ ምሳሌ። ሙዚቃው ከጀመረ በ31.5ኛው ሰከንድ ላይ ሰውዬው ደብዳቤውን ገልጦ ያያል፤ እዚያ ላይ የባር (ምቶች የሚመደቡበት ክፍል) መጀመሪያ እንዲያርፍ ተፈልጓል። ፍጥነቱ 80 ነው፤ አንድ ምት 0.75 ሰከንድ። 31.5 ለ0.75 ሲካፈል 42 ምት ይሆናል። በአራት ምት ባር 10 ባር 40 ምት ነው፤ 2 ምት ይተርፋል። ስለዚህ ደብዳቤው የሚገለጠው 11ኛው ባር መሐል ላይ ነው፤ ክብደት በሌለው ቦታ።

መፍትሔው ሦስት ነው። ሙዚቃውን 1.5 ሰከንድ አስቀድሞ ማስጀመር፤ ያኔ 44 ምት፣ ልክ 11 ባር ይሆናል። ወይም ፍጥነቱን ወደ 76.19 ዝቅ ማድረግ፤ ያኔ 40 ምት በ31.5 ሰከንድ ውስጥ ይገባል። ወይም ከባሮቹ መሐል አንድ ባለሁለት ምት ባር መሰካት። የመጀመሪያው ቀላሉ ነው፤ ግን መግቢያውን ያንቀሳቅሳል። መግቢያው ታስቦበት ከተመረጠ እሱን መንካት የለብንም። ስለዚህ እኔ ሦስተኛውን እመርጣለሁ፤ ባለሁለት ምቱ ባር ግን ከደብዳቤው አጠገብ አይቀመጥም። እዚያ ከሆነ እግር እንደተደናቀፈ ይሰማል። 6ኛ ወይም 7ኛው ባር አካባቢ፣ ዜማው ትንፋሽ በሚወስድበት ቦታ ከገባ ማንም አያገኘውም።

ሌላው ጥንቃቄ ደግሞ ለትክክለኛነት ከመጠን በላይ አለመጨነቅ ነው። አንድ ፍሬም 41.7 ሚሊሰከንድ ነው። ድምፅ በዚያ ጊዜ ውስጥ 14 ሜትር ያህል ይጓዛል፤ አዳራሽ ውስጥ ከድምፅ ማጉያው 14 ሜትር ርቆ የተቀመጠ ሰው ሁሉንም ነገር አንድ ፍሬም ዘግይቶ ነው የሚሰማው። ስለዚህ ግማሽ ፍሬም ማሳደድ ከንቱ ድካም ነው። ምስሉ በተቆረጠበት ፍሬም ላይ በትክክል የወደቀ ምት ብዙ ጊዜ የቸኮለ ይመስላል፤ ዓይን አዲሱን ምስል እስኪቀበል ጥቂት ጊዜ ይፈልጋልና። ሁለት ፍሬም ዘግይቶ ሲወድቅ እኩል የወደቀ ይመስላል።

በኮምፒውተር የሚሠሩ የስትሪንግ ድምፆች ላይ ደግሞ ሌላ ወጥመድ አለ። ቀስ ብሎ የሚነሣ ቀስት የተቀዳበት ሳምፕል (አስቀድሞ የተቀዳ የመሣሪያ ድምፅ) ቁልፉ ከተጫነ በኋላ ድምፁ እስኪሞላ 100 ወይም 150 ሚሊሰከንድ ይወስዳል። 120 ሚሊሰከንድ ቢሆን ወደ 3 ፍሬም ነው። ፒያኖው በሰዓቱ ይመጣል፣ ስትሪንጉ ይጎተታል፤ ሰው ግን ጥፋቱን የሚያየው ቅንብሩ ላይ ነው። ያን ትራክ 120 ሚሊሰከንድ ቀድሞ እንዲጀምር ማድረግ ብቻውን ይፈታዋል። እያንዳንዱ ላይብረሪ (የሳምፕል ስብስብ) ግን የራሱ ቁጥር ስላለው በጆሮ፣ ከክሊክ (ምቱን ከሚቆጥረው ድምፅ) ጋር እያስተያዩ መለካት ያስፈልጋል።

ቃል ያለበት ቦታ

ፊልም ውስጥ ንግግር የቤቱ ባለቤት ነው። የወንድ ድምፅ መሠረት ከ85 እስከ 180 ሄርዝ፣ የሴት ከ165 እስከ 255 ሄርዝ አካባቢ ነው፤ ቃሉን ቃል የሚያደርጉት ተነባቢዎች ደግሞ በአብዛኛው ከ1 እስከ 4 ኪሎሄርዝ ባለው ውስጥ ይገኛሉ። ሙዚቃው እነዚህን ሁለት ቦታዎች ከያዘ የድምፅ ባለሙያው ያለው አማራጭ ሙዚቃውን መቀነስ ብቻ ነው፤ አንድ ወር የተለፋበት ሥራ የሩቅ ጉርምርምታ ሆኖ ይቀራል።

ብዙዎች ይህን በኢኳላይዘር (ወፍራሙንና ቀጭኑን ድምፅ ለየብቻ ከፍና ዝቅ በሚያደርግ መሣሪያ) ለመፍታት ይሞክራሉ። ከ2 እስከ 4 ኪሎሄርዝ ያለውን 2 ወይም 3 ዴሲቤል በሰፊው መቀነስ ይረዳል፤ ግን ዋናው መፍትሔ አጻጻፉ ላይ ነው። ወፍራም ድምፅ ያለው ሰው እየተናገረ ከሆነ የቼሎ ዜማ መሐል ላይ አይቀመጥም፤ ወይ ከሱ በታች በረዥም ኖታ፣ ወይ ከሱ በላይ በቀጭን የቫዮሊን ድምፅ ይኬዳል። ዜማው የሚንቀሳቀሰው ተናጋሪው ሲያርፍ ነው፤ ሲናገር ዜማው ይቆማል፣ ኖታውን ይዞ ይጠብቃል። የንግግሩን ድምፅ ከምስሉ ጋር ከፍቶ፣ ክፍተቶቹን ምልክት አድርጎ፣ ከዚያ መጻፍ ነው። ጥሩ ዘፋኝን እንደማጀብ ያለ ሥራ ነው።

ንግግሩ በአማርኛ ከሆነ ደግሞ ለብቻው የሚያሳስብ ነገር አለ። ጠ፣ ቀ፣ ጨ የመሳሰሉት ድምፆች አጭርና ስለታም ናቸው፤ በጣት የሚመታ ክር ወይም ከበሮ እነሱ ላይ ከወደቀ ይውጣቸዋል። ከዚያም በላይ ቋንቋችን በማጥበቅና በማላላት ትርጉም ይለያል። «አለ» ሲላላ ተናገረ ነው፣ ሲጠብቅ ይገኛል ነው። «እዚያ አለ» የሚል ሰው ላይ፣ ልክ «ለ» የምትጠብቅበት ላይ አንድ የጊታር ኖታ ቢያርፍ ተመልካቹ የትኛው እንደተባለ ይጠራጠራል። በሚክስ (ድምፆቹ ሲደባለቁ) አይስተካከልም። ኖታውን ወደ ሚቀጥለው እረፍት ማሻገር ብቻ ነው መድኃኒቱ።

አንድ እውነተኛ ቼሎ

በጀት ጠባብ ሲሆን ስሜቱ ሁሉ ወደ ትልቅ ኦርኬስትራ ሳምፕል ይሄዳል። እኔ ተቃራኒውን እመክራለሁ፤ ሁለትና ሦስት ድምፅ መምረጥና በእነሱ መጨረስ። ጆን ካርፔንተር በ1978 በትንሽ በጀት ለሠራው አስፈሪ ፊልም «ሃሎዊን» ሙዚቃውን ራሱ ጽፎታል፤ በባር አምስት ምት ያለው ተደጋጋሚ የኪቦርድ ዜማ ነው። ጆሮ አራት ወይም ስድስት ምት ሲጠብቅ አምስት ላይ ይዞራልና አይረጋጋም። ዋጋ ያወጣው የመሣሪያው ብዛት አይደለም።

ለሚጫወት ሰው የሚከፈል ነገር ካለ ደግሞ አንድ ሰው ይጠራ። አንድ እውነተኛ ቼሎ ወይም ቫዮሊን ከፊት፣ ሳምፕሉ ደግሞ 6 ወይም 8 ዴሲቤል ዝቅ ብሎ ከኋላ ሲሄድ ጆሮ ሁሉንም እውነተኛ አድርጎ ይወስደዋል። የቀስቱ መነሻ፣ የጣት መንሸራተት፣ የተጫዋቹ ትንፋሽ ነው የሚያሳምነው፤ እነዚህን ማጽዳት ትልቅ ስህተት ነው።

ስቱዲዮ ከሌለ ብዙ ልብስና መጽሐፍ ያለበት ክፍል ይበቃል። ማይኩ ከቼሎው ከ80 ሳንቲሜትር እስከ 1 ሜትር ቢርቅ እንጨቱም ክፍሉም ይሰማሉ፤ በጣም ከቀረበ የቀስት ፉጨት ብቻ ይሆናል። ቀረጻው በ48 ኪሎሄርዝና በ24 ቢት ይሁን፤ ከፍተኛው ጫፍ ከ-12 ዴሲቤል ባያልፍ መልካም ነው። የክፍሉ ዝምታ ብቻውን 30 ሰከንድ ይቀዳ፤ ሁለት ቀረጻ ሲቀጠል መሐሉን የሚሞላው እሱ ነው። ብዙ ሰው የሚረሳው የክሊኩን ነገር ነው። ተጫዋቹ ጆሮ ላይ ያለው ክሊክ መጨረሻው ለስላሳ ኖታ ላይ ከማዳመጫው ሾልኮ ማይኩ ውስጥ ይገባል። ጆሮን ሙሉ የሚሸፍን ማዳመጫ መጠቀም፣ ክሊኩን በመጨረሻዎቹ ሁለት ባሮች ላይ ዝቅ ማድረግ፣ የመጨረሻው ኖታ ከተያዘ በኋላ ጨርሶ መዝጋት። ይህ ካልተደረገ በጣም ያማረው መጨረሻ ላይ ቲክ፣ ቲክ ይሰማል።

ኤዲቲንጉ አለቀ ሲባል

«ሲሮጡ የታጠቁት ሲሮጡ ይፈታል» የሚለው እዚህ ላይ ይሠራል። ኤዲቲንጉ ሳይቆለፍ (የምስሉ ቆረጣ የመጨረሻ ሳይሆን) ዝርዝር ሙዚቃ መጻፍ በአብዛኛው ድጋሚ መሥራትን ያመጣል። ከመቆለፉ በፊት የሚሠራው የዜማ ሐሳብና የድምፅ ምርጫ ነው፤ ፍሬም መቁጠር ከዚያ በኋላ ይመጣል። ከተቆለፈ በኋላም ቢሆን ሁለት ሦስት ሰከንድ እዚህም እዚያም ይቆረጣል፤ ለዚያ መዘጋጀት ይቻላል። በየአራት ባሩ አንድ የሚያዝ ረዥም ኖታ ከተተወ መቁረጫም መቀጠያም ይሆናል።

ሥራ ከመጀመሩ በፊት የፍሬም ቁጥሩ በጽሑፍ ይጠየቅ። 24 እና 23.976 ተመሳሳይ ይመስላሉ፤ ልዩነታቸው ከሺሕ አንድ ነው። በ3 ደቂቃ ሙዚቃ ላይ ግን 4 ፍሬም ያህል፣ በ90 ደቂቃ ላይ ከ5 ሰከንድ በላይ ይሆናል። በ24 የተሠራ ፊልም በ25 ሲጫወት 90 ደቂቃው 86 ደቂቃ ከ24 ሰከንድ ይሆናል፤ ድምፁ ካልተስተካከለ ከግማሽ ቶን በጥቂት ያነሰ ወደ ላይ ይወጣል። በ44.1 ኪሎሄርዝ የተላከ ፋይል ሳይቀየር በ48 ከተነበበ ደግሞ የ60 ሰከንዱ ሙዚቃ በ55 ሰከንድ ያልቃል፣ ቅኝቱም ይሸሻል።

ሲረከብ ሙዚቃው በአንድ ፋይል ብቻ አይላክም። ለትንሽ ፊልም አራት ስቴም (በየዓይነቱ የተለየ የድምፅ ፋይል) ይበቃል፦ ብቸኛው መሣሪያ፣ ስትሪንጉና የመሳሰሉት፣ ምቱ፣ ወፍራሙ ድምፅ። ሁሉም ከአንድ ነጥብ ይጀምሩ፤ የሚጀምሩበት ታይምኮድ በፋይሉ ስም ላይ ይጻፍ። እያንዳንዱ ስቴም የራሱን ሪቨርብ ይያዝ። ሁሉም አንድ ሪቨርብ ከተጋሩ የድምፅ ባለሙያው ከበሮውን ሲዘጋ የከበሮው ማሚቶ ብቻውን ክፍሉ ውስጥ ይቀራል። ከመጨረሻው ኖታ በኋላ 5 ሰከንድ ይተው፤ ጅራቱ የተቆረጠ ሪቨርብ በአዳራሽ ውስጥ በግልጽ ይሰማል። ሙሉ ፊልሙ አብሮ የሚላክ ከሆነ ከመጀመሪያው ፍሬም 2 ሰከንድ ቀድሞ የ1 ኪሎሄርዝ፣ የአንድ ፍሬም ድምፅ ይቀመጥ፤ ምስልና ድምፅ መገጣጠማቸው በሱ ይታወቃል። ሊሚተር (የድምፁን ጫፍ የሚገድብ መሣሪያ) ጭኖ ሙዚቃውን ማስጮህ አያስፈልግም። በአውሮፓ ስርጭት የሚጠየቀው -23 የሚለው የድምፅ ከፍታ ቁጥር የጠቅላላው ፕሮግራም ልክ ነው፤ ሙዚቃው ለብቻው ወደዚያ ይድረስ ማለት አይደለም።

መብትን በተመለከተ አጭር ልበል። የሌላ ሰው ሙዚቃ ፊልም ላይ ሲገባ ሁለት ፈቃድ ያስፈልጋል፤ አንዱ ከድርሰቱ ባለቤት፣ አንዱ ከቀረጻው ባለቤት። ድርሰቱ የቆየና ነፃ ቢሆንም ቀረጻው ብዙውን ጊዜ የአንድ ሰው ነው። ቼሎ የተጫወተውም ሰው ከቀረጻው በፊት ይፈርም። ከዳይሬክተሩ ጋር ያለው ውል ስንት ጊዜ ማስተካከያ እንደሚካተት፣ የሙዚቃው ባለቤት ማን እንደሚሆን፣ ፊልሙ ከፌስቲቫል አልፎ ቢሸጥ ምን እንደሚሆን ይናገር። ፊልሙ ተመርጦ፣ ፖስተሩ ወጥቶ፣ ፈቃድ የጎደለው ቁራጭ ሲገኝ «ቀድሞ ነበር እንጂ መጥኖ መደቆስ፣ አሁን ምን ያደርጋል ድስት ጥዶ ማልቀስ» ማለት ይመጣል።

የሚወጣበት ቦታ

ወደ ባዶው ክፍል ልመለስ። 11 ሰከንዱ አልቆ ምስሉ ወደ ውጭ ይቆረጣል፤ መንገድ፣ አውቶቡስ፣ ሴትየዋ በመስኮቱ በኩል። የመጀመሪያው ሙዚቃ ከመቆረጡ በፊት በኮርድ ያርፍ ነበር፤ ነጥብ እንደተደረገበት ዓረፍተ ነገር። አራቱ ኖታዎች ግን ማረፊያ የላቸውም። አራተኛው የቼሎው ባዶ የጂ ክር ነው፤ ጣት ስለማይነካው ቫይብራቶ (የድምፅ መርገብገብ) አይኖረውም፣ ቀጥ ብሎ ይቆማል። 98 ሄርዝ ነው። የአውቶቡሱ ሞተር ሲለካ ጉርምርምታው እዚያው አካባቢ ተገኘ።

ስለዚህ ኖታው በቆረጣው ላይ አያቆምም። 20 ፍሬም ወደ መንገዱ ይዘልቃል፤ ቀስቱ እየቀለለ ሲሄድ ሞተሩ ከሥሩ ይነሣል፣ ሴትየዋ ራሷን መስኮቱ ላይ ታስደግፋለች፣ ከዚያ በኋላ የሚሰማው አውቶቡሱ ነው።